አዲሱን ሥርዓተ ክወና እንጫን ወይስ በነባሩ እንቆይ?

መግቢያ

በተለምዶ ኦፕሬቲንግ ሲስተም የምንለው የኮምፒዩተር ሥርዓተ ክወና በየጥቂት ዓመቱ አዲስ ስምና አዲስ መልክ ይዞ ብቅ ይላል። በዚህ ጊዜ ኮምፒዩተር ያለው ሰው ሁሉ አንድ ጥያቄ ይደቀንበታል፤ አዲሱን ይጫን ወይስ በለመደው ይቆይ? ማይክሮሶፍት የተባለው ኩባንያ ለዊንዶውስ 10 ይሰጥ የነበረውን መደበኛ ድጋፍ ጥቅምት 4 ቀን 2018 ዓ.ም. ካቆመ ወዲህ ደግሞ ጥያቄው የብዙዎች ሆኗል።

ይሁን እንጂ ጥያቄው ለሁሉም እኩል ክብደት የለውም። በየሦስት ዓመቱ አዲስ ኮምፒዩተር ለሚገዛ ሰው ቀላል ነው። ከሰበታ፣ ከቡራዩ ወይም ከሱሉልታ በየቀኑ አዲስ አበባ እየተመላለሰ ለሚማርና በቤተሰብ መዋጮ ያገለገለ ላፕቶፕ ለገዛ ተማሪ ግን ጉዳዩ ሌላ ነው። የላብራቶሪ ዘገባው፣ የመመረቂያ ጽሑፉና የመጻሕፍቱ ቅጂ ያሉት በዚያው አንድ ዕቃ ውስጥ ነው። ሳያመዛዝን ቢቀይር የአንድ ሴሚስተር ሥራ ሊያጣ ይችላል፤ ሳያመዛዝን ባለበት ቢቆይም ያው አደጋ ይጠብቀዋል።

የዚህ ጽሑፍ ዓላማ ጥያቄው በወሬ ወይም በማስታወቂያ ሳይሆን በመለኪያ ሊመለስ እንደሚችል ማሳየት ነው። «አዲስ ሁልጊዜ ይሻላል» ማለትም ሆነ «የለመዱት ይሻላል» ማለት ስሜት እንጂ መለኪያ አይደለም። መመለስ ያለባቸው ጥያቄዎች ሦስት ናቸው፤ ነባሩ ሥርዓት አሁንም ጥገና ያገኛል ወይ? ያለን ማሽን አዲሱን ይሸከማል ወይ? ሥራችን ምንም ሳይጎድልበት ወደ አዲሱ ይሻገራል ወይ? በተራ እንመልከታቸው። በጽሑፉ ውስጥ ዓ.ም. ከተባለው በቀር ዓመታቱ ሁሉ እንደ አውሮፓውያን አቆጣጠር ናቸው።

ሥርዓተ ክወና ምን ይሠራል?

ሥርዓተ ክወና በኮምፒዩተሩ አካልና በምንገለገልባቸው ፕሮግራሞች መካከል የሚቆም አስተዳዳሪ ነው። የፕሮሰሰሩን ጊዜ ለፕሮግራሞች ያከፋፍላል፤ ራም የሚባለውን ጊዜያዊ ማኅደር ይደለድላል፤ ፋይሎችን በዲስክ ላይ ያስቀምጣል፤ የቁልፍ ሰሌዳውን፣ ማተሚያውንና የኢንተርኔት መስመሩን ይቆጣጠራል። ከዚህም በላይ አንዱ ፕሮግራም በሌላው ይዞታ ውስጥ እንዳይገባ ዘብ ይቆማል። ስለሆነም ሥርዓተ ክወናን መቀየር የግድግዳ ቀለም እንደመቀየር አይደለም፤ ቤቱ የቆመበትን መሠረት መንካት ነው።

የመጀመሪያው ጥያቄ፦ ነባሩ ሥርዓት አሁንም ጥገና ያገኛል ወይ?

አንድ ሥርዓተ ክወና በአሥር ሚሊዮኖች የሚቆጠሩ የትእዛዝ መስመሮች አሉት። በዚህ ብዛት ውስጥ ስሕተት አይጠፋም። ከስሕተቶቹ አንዳንዶቹ ክፉ ዓላማ ላለው ሰው በር የሚከፍቱ ናቸው። አምራቹ እንዲህ ያለው ቀዳዳ በታወቀ ቁጥር መድፈኛ ሶፍትዌር በነጻ ያሰራጫል። «ድጋፍ አበቃ» ማለት ይህ መድፈኛ መምጣቱ ቀረ ማለት ነው እንጂ ኮምፒዩተሩ በማግስቱ መሥራት ያቆማል ማለት አይደለም። የዊንዶውስ ኤክስፒ ድጋፍ ኤፕሪል 8 ቀን 2014፣ የዊንዶውስ 7 ደግሞ ጃንዋሪ 14 ቀን 2020 አብቅቷል፤ ማሽኖቹ ግን ከዚያም በኋላ ይነሡ ነበር። ችግሩ ማሽኑ መነሣቱ ላይ ሳይሆን ከዚያ ቀን በኋላ የሚገኘው ቀዳዳ ሁሉ ክፍት ሆኖ መቅረቱ ላይ ነው።

ይህ በ2017 በተግባር ታይቷል። ማይክሮሶፍት በዊንዶውስ የፋይል መጋሪያ ክፍል ውስጥ ለተገኘ ቀዳዳ መድፈኛ ያወጣው ማርች 14 ቀን ነበር። ከ59 ቀናት በኋላ፣ ሜይ 12 ቀን፣ ዋናክራይ የተባለው ተንኮል አዘል ፕሮግራም በዚያው ቀዳዳ ገብቶ በ150 ያህል አገሮች ከ200,000 የሚበልጡ ኮምፒዩተሮችን ፋይሎች ቆለፈና ማስከፈቻ ገንዘብ ጠየቀ። የብሪታንያ ሆስፒታሎች እንኳ ሕሙማንን ለመመለስ ተገደዱ። አብዛኞቹ የተጠቁት ማሽኖች ዊንዶውስ 7 የተጫነባቸው ነበሩ፤ ይህ ሥርዓት ደግሞ በዚያ ጊዜ ድጋፉ ገና አላበቃም ነበር። መድፈኛው ቀድሞ ወጥቶ ሳለ ስላልጫኑት ነው የተጠቁት።

ከዚህ ሁለት ትምህርት እናገኛለን። አንደኛ፣ አዲስ ሥርዓት ይዞ ጥገናውን አለመጫን ድጋፍ የሌለው ሥርዓት ከመያዝ ብዙም አይለይም። ሁለተኛ፣ ፈቃድ በሌለው ቅጂ የሚገለገል ሰው «እንዳይታወቅብኝ» ብሎ ጥገናውን ሲዘጋ ዊንዶውስ 11 ቢኖረውም በተከፈተ በር ይተኛል። ክራክ የሚባለው የፈቃድ መስበሪያ ራሱ ተንኮል አዘል ፕሮግራም ይዞ ሊገባ እንደሚችልም መዘንጋት የለበትም።

ለዊንዶውስ 10 ተጠቃሚዎች ኩባንያው የደኅንነት ጥገናውን ለተመዘገቡ ግለሰቦች የሚያራዝም መርሐ ግብር አውጥቷል። ይህ ግን ለመዘጋጃ የሚሆን ፋታ እንጂ ዘለቄታ ያለው መፍትሔ አይደለም።

ሁለተኛው ጥያቄ፦ ማሽናችን አዲሱን ይሸከማል ወይ?

በ2001 የወጣው ዊንዶውስ ኤክስፒ ቢያንስ 64 ሜጋባይት ራም ይጠይቅ ነበር። በ2021 የወጣው ዊንዶውስ 11 ቢያንስ 4 ጊጋባይት፣ ማለትም 4,096 ሜጋባይት ይጠይቃል። ይህ በሃያ ዓመት ውስጥ 64 እጥፍ መሆኑ ነው። 64 ደግሞ 2 በራሱ ስድስት ጊዜ ሲባዛ የሚገኝ ስለሆነ ዝቅተኛው መጠን በአማካይ በየ3 ዓመት ከ4 ወሩ እጥፍ ሆኗል ማለት ነው። ያገለገለ ኮምፒዩተር የሚገዛ ሰው ይህን እድገት ከግምት ሊያስገባ ይገባል።

ዊንዶውስ 11 ከራም ሌላ 64 ጊጋባይት የዲስክ ቦታ፣ ባለ 64 ቢት ፕሮሰሰር እንዲሁም ቲፒኤም 2.0 የተባለ የምስጢር ቁልፍ መያዣ አካል ይፈልጋል። በብዙዎች ላይ በሩን የዘጋው ግን የፕሮሰሰሩ ትውልድ ነው። ከኢንቴል ፕሮሰሰሮች በጥቂት ልዩ ሁኔታዎች ካልሆነ በቀር የሚፈቀዱት ከስምንተኛው ትውልድ ወዲህ ያሉት ናቸው። ትውልዱን ከስሙ ማንበብ ይቻላል። አይ5-6300 ከተባለ ከሰረዙ በኋላ ያለው የመጀመሪያ አኃዝ 6 ስለሆነ ስድስተኛ ትውልድ ነው፤ አይ5-8250 ስምንተኛ ነው፤ አይ5-10210 ደግሞ ቁጥሩ አምስት አኃዝ ስላለው የመጀመሪያዎቹ ሁለቱ ይነበቡና አሥረኛ ይሆናል። ሻጩ «ኮር አይ5 ነው» ስላለ ብቻ መግዛት የመኪናን ሞዴል ሳይጠይቁ ስሙን ብቻ ሰምተው እንደመግዛት ነው። ይህን ማገጃ አልፎ ለመጫን የሚያስችሉ ዘዴዎች ይነገራሉ፤ ነገር ግን እንዲህ በተጫነበት ማሽን ላይ ጥገና ለመድረሱ ኩባንያው ዋስትና አይሰጥም። ዋናው ምክንያታችን ጥገና ማግኘት ከሆነ ይህ መንገድ ዓላማውን ያፈርሳል።

«ኮምፒዩተሬ ተንቀረፈፈ» የሚለው ስሞታስ? ብዙ ጊዜ ጥፋቱ የሥርዓተ ክወናው ሳይሆን የዲስኩ ነው። ነባሩ ሃርድ ዲስክ እንደ ሸክላ ማጫወቻ የሚሽከረከር ሳህንና የሚንቀሳቀስ ክንድ አለው። በላፕቶፖች የተለመደው ዲስክ በደቂቃ 5,400 ጊዜ፣ በሰከንድ 90 ጊዜ ይዞራል። አንድ ዙር 11.1 ሚሊሰከንድ ይፈጃል፤ የሚፈለገው ቦታ ክንዱ ሥር እስኪደርስ በአማካይ ግማሽ ዙር፣ ማለትም 5.6 ሚሊሰከንድ መጠበቅ ያስፈልጋል። ክንዱ ወደ ትክክለኛው መስመር ለመሄድ 12 ሚሊሰከንድ ያህል ይወስዳል ብንል ድምሩ 17.6 ሚሊሰከንድ ይሆናል። ስለዚህ ዲስኩ በሰከንድ ከተለያየ ቦታ ሊያነብ የሚችለው 57 ጊዜ ያህል ብቻ ነው።

አሁን 200 ሜጋባይት መረጃ በዲስኩ ላይ በአራት አራት ኪሎባይት ተበታትኖ ተቀምጧል እንበል። ይህ 51,200 ቁራጭ ይሆናል። በሰከንድ 57 ቁራጭ ከተነበበ 898 ሰከንድ፣ ማለትም 15 ደቂቃ ያህል ይፈጃል። የሚሽከረከር አካል የሌለው ኤስኤስዲ የተባለው ዲስክ ግን አንዱን ቁራጭ በ0.1 ሚሊሰከንድ ያህል ያገኛል፤ ሁሉንም በ5 ሰከንድ ያነባል። በርግጥ ይህ የከፋው ሁኔታ ስሌት ነው፤ በተግባር ሥርዓተ ክወናው ንባቡን እያደራጀ ጊዜ ይቆጥባል። የልዩነቱን ስፋት ለማየት ግን ይበቃል።

የራም እጥረትም የሚሰማን በዚሁ ምክንያት ነው። ራም ሲሞላ ሥርዓተ ክወናው ትርፉን ወደ ዲስክ ያወጣል። ከራም ማንበብ 100 ናኖሰከንድ ያህል ይፈጃል። ይህን ከጠረጴዛ ላይ እርሳስ ለማንሳት ከሚወስድብን አንድ ሰከንድ ጋር ብናመሳስለው፣ ያንኑ እርሳስ ከኤስኤስዲ ማምጣት 17 ደቂቃ ያህል፣ ከሚሽከረከረው ዲስክ ማምጣት ደግሞ ሁለት ቀን ያህል ይፈጃል። በመሆኑም በገንዘብ እጥረት አንድ ነገር ብቻ ማሻሻል የሚችል ሰው ከአዲስ ሥርዓተ ክወና በፊት ዲስኩንና ራሙን ቢመለከት ይጠቀማል።

የማውረጃውንም ዋጋ እናስላ። በሱሉልታ የሚገኝ አንድ ትምህርት ቤት 20 ኮምፒዩተሮችና በሰከንድ 4 ሜጋቢት የሚያደርስ መስመር አለው እንበል። የዊንዶውስ 11 መጫኛ ፋይል 5.5 ጊጋባይት ነው ብንል፣ በ8 ስናባዛው 44 ጊጋቢት ይሆናል። ይህ 11,000 ሰከንድ፣ ማለትም 3 ሰዓት ያህል ይፈጃል። እያንዳንዱ ኮምፒዩተር ለየብቻው ቢያወርድ 61 ሰዓት ይጠይቃል። አንድ ጊዜ አውርዶ በፍላሽ ማዳረስ ግን ያንኑ ሥራ በሃያኛ እጁ የኢንተርኔት ወጪ ይፈጽመዋል። ሥራው በሚካሄድበት ጊዜ መብራት ቢጠፋ ሥርዓቱ ሳይነሣ ሊቀር ስለሚችል ላፕቶፑ ባትሪው ሞልቶ፣ ዴስክቶፑም ዩፒኤስ ይዞ መሆን ይኖርበታል።

ሦስተኛው ጥያቄ፦ ሥራችን ይሻገራል ወይ?

ፊደላችን በኮምፒዩተር ላይ የተጓዘበት መንገድ ለዚህ ጥያቄ ጥሩ ምሳሌ ይሆናል። ለኮምፒዩተር ፊደል ማለት ቁጥር ነው። የቀድሞዎቹ ሥርዓቶች ለአንድ ፊደል 8 ቢት ብቻ ይመድቡ ስለነበር ሊለዩ የሚችሉት 256 ምልክቶችን ነው። የግዕዝ ፊደል ከነዲቃሎቹ፣ ከነአኃዙና ከነሥርዓተ ነጥቡ ከዚህ ይበልጣል። ስለዚህ የያኔዎቹ የአማርኛ መጻፊያ ፕሮግራሞች የላቲን ፊደላትን ቁጥሮች ተውሰው የአማርኛ ቅርጽ አለበሷቸው፤ ያልበቃቸውንም በሌላ ፎንት ከፋፈሉት። ሴፕቴምበር 1999 የወጣው ዩኒኮድ 3.0 ለኢትዮጵያ ፊደል የራሱን 384 ቦታዎች መደበ። ከዚያ ወዲህ በአሥር መደብ አቆጣጠር ሀ 4608፣ ሁ 4609፣ ሂ 4610፣ ለ ደግሞ 4616 ነው፤ በየትኛውም አገርና በየትኛውም ማሽን።

በ2007 የወጣው ዊንዶውስ ቪስታ ኒያላ የተባለውን የግዕዝ ፎንትና የአማርኛ ቁልፍ ሰሌዳ ይዞ መጣ። ለእኛ ለኢትዮጵያውያን ያ ሽግግር እውነተኛ ጥቅም ነበረው፤ ኤክስፒ ላይ ለብቻው ይጫን የነበረው ከሥርዓቱ ጋር ተገኘ። በአንጻሩ ቪስታ ቢያንስ 512 ሜጋባይት ራም ስለሚጠይቅ የብዙዎቹ ማሽን አልቻለውም። ጥቅምና ሸክም አብረው እንደሚመጡ ከዚህ የተሻለ ማስረጃ የለም።

የአሮጌው ዘዴ ቅሪት ዛሬም አለ። በሰበታም ሆነ በቡራዩ ባሉ የጽሕፈትና የፎቶ ኮፒ ቤቶች አብረው ከሚታዘዙት ሰነዶች መካከል በቁቤ የተጻፈው የአፋን ኦሮሞ ደብዳቤ የላቲን ፊደል ስለሆነ በየትኛውም ሥርዓት ላይ ይከፈታል። በአሮጌ ፎንት የተጻፈው አማርኛ ግን ፎንቱ በሌለበት አዲስ ማሽን ላይ ትርጉም የለሽ የላቲን ፊደላት ክምር ሆኖ ይታያል። ፋይሉ አልጠፋም፤ ቁጥሩን ወደ ቅርጽ የሚለውጠው ቁልፍ ነው የጎደለው። ስለሆነም ነባሩን ሥርዓት ከማጥፋታችን በፊት እነዚህን ሰነዶች ወደ ዩኒኮድ መለወጥ፣ ቢያንስም ፎንቱን ከሰነዱ ጋር ማስቀመጥ ግድ ነው።

ጉዳዩ ከማንም ይልቅ የሚከብደው ደግሞ ማየት ለተሳናቸው ተማሪዎች ነው። ሰበታ በመርሐ ዕውራን ትምህርት ቤቷ የታወቀች ከተማ መሆኗን ለአንባቢ መንገር አያሻም። ማየት የተሳነው ተማሪ ኮምፒዩተርን የሚገለገለው በስክሪን ላይ ያለውን በድምፅ በሚያነብ ፕሮግራም ነው። ከእነዚህ አንዱ ኤንቪዲኤ ነው፤ ማይክል ከራን እና ጄምስ ቴ የተባሉ ሁለት ማየት የተሳናቸው አውስትራሊያውያን ያዳበሩትና በነጻ የሚገኝ ነው። አብሮት የሚመጣው ኢስፒክ ኤንጂ የተባለው የድምፅ ማመንጫ አማርኛንና አፋን ኦሮሞን ያካትታል።

እንዲህ ያለው ፕሮግራም የሚያነበው የፊደሉን ቅርጽ ሳይሆን ቁጥሩን ነው። በአሮጌ ፎንት የተጻፈ ማስታወሻ ለሚያየው ተማሪ ጥሩ አማርኛ ነው፤ ለማያየው ግን የተዘበራረቀ የላቲን ፊደል ጩኸት ነው። በሌላ በኩል የኤንቪዲኤ አዳዲስ እትሞች በአሮጌ ሥርዓቶች ላይ አይሠሩም፤ ኤክስፒንና ቪስታን የደገፈው የመጨረሻው እትም 2017.3 ነበር። ስለዚህ ለእነዚህ ተማሪዎች በነባሩ መቆየትም ጉዳት አለው፤ ሳይሞክሩ መቀየርም ጉዳት አለው። አንድ ላብራቶሪ ሥርዓተ ክወናውን ሲቀይር ድምፅ አንባቢው በአዲሱ ላይ መሥራቱን አስቀድሞ ካላረጋገጠ የአንዱን ተማሪ ስክሪን ነቅሎ እንደወሰደ ይቆጠራል።

ሦስተኛ አማራጭ

ማሽኑ ዊንዶውስ 11ን የማይችል ከሆነ ምርጫው መጣል ወይም ያለ ጥገና መቆየት ብቻ አይደለም። ሊነስ ቶርቫልድስ በ1991 በሄልሲንኪ ተማሪ ሳለ የጀመረው ሊነክስ ዛሬ በነጻ የሚገኝ ሙሉ ሥርዓት ነው። ከቅርንጫፎቹ አንዱን፣ ኡቡንቱን፣ በ2004 ያስጀመረው ደቡብ አፍሪካዊው ማርክ ሻትልወርዝ ነው፤ የረጅም ጊዜ እትሞቹ የአምስት ዓመት ጥገና ያገኛሉ። ቀለል ያሉት ቅርንጫፎች በአሮጌ ማሽኖች ላይም ይሠራሉ። ትልቁ ጥቅሙ ዲስኩን ሳይነኩ ከፍላሽ ላይ አስነሥቶ መሞከር መቻሉ ነው።

ገደቡንም መናገር ተገቢ ነው። እንደ አውቶካድ ያሉ ፕሮግራሞች ለሊነክስ አልተዘጋጁም፤ በማይክሮሶፍት ዎርድ የተጻፈ ሰነድም በሊብሬኦፊስ ሲከፈት አቀማመጡ ሊዛባ ይችላል። ኤንቪዲኤም ለዊንዶውስ ብቻ የተሠራ ስለሆነ በሊነክስ ላይ ኦርካ በተባለው መተካት ያስፈልጋል። ፓይተንን፣ ኦክቴቭንና ላቴክስን ለሚጠቀም የሳይንስ ተማሪ ግን ብዙም የሚጎድለው የለም።

የውሳኔ ቅደም ተከተል

1. የያዙት ሥርዓት ስምና እትም ምን እንደሆነና ድጋፉ መቼ እንደሚያበቃ ይለዩ። ድጋፉ ካላበቃና ሥራዎ ካልተጓደለ ጥገናውን እየጫኑ ይቆዩ፤ መቸኮል አያስፈልግም።
2. የፕሮሰሰሩን ትውልድ፣ የራሙን መጠንና የዲስኩን ዓይነት ይመዝግቡ።
3. ፋይሎችዎን ቢያንስ በሌላ አንድ ዲስክ ላይ ይቅዱ፤ ቅጂው በሌላ ኮምፒዩተር ላይ መከፈቱን ያረጋግጡ። ያልተሞከረ ቅጂ እንደሌለ ይቆጠራል።
4. ያለ እነርሱ ሥራ የማይሠሩባቸውን ፕሮግራሞች፣ ፎንቶችና ማተሚያዎች ይዘርዝሩ፤ በአዲሱ ላይ መሥራታቸውን አንድ በአንድ ይጠይቁ።
5. ብዙ ኮምፒዩተሮች ካሉ በአንዱ ብቻ ጀምረው ሁለት ሳምንት ይፈትኑ። በግል ኮምፒዩተር ላይ ከዊንዶውስ 10 ወደ 11 ከተሻገሩ በኋላ ወደ ነባሩ መመለስ የሚቻለው በመጀመሪያዎቹ 10 ቀናት መሆኑን ያስታውሱ።
6. በፈተና ሰሞን ወይም የመመረቂያ ጽሑፍ በሚገባበት ሳምንት አይቀይሩ።

ድጋፉ ያበቃ፣ ማሽኑም አዲሱን የማይሸከም ሆኖ ከተገኘ ሊነክስን ከፍላሽ ይሞክሩ። እርሱም ካልተስማማ ማሽኑን ከኢንተርኔት አላቅቆ ለጽሕፈትና ለስሌት ብቻ መገልገል ይቻላል፤ ነገር ግን ከሰው የሚመጣ ፍላሽም ቫይረስ እንደሚያስገባ አይዘነጋ።

መልመጃ

ሀ. በደቂቃ 7,200 ጊዜ የሚዞር ዲስክ ክንዱ መስመሩን ለመያዝ 9 ሚሊሰከንድ ቢወስድ በሰከንድ ከተለያየ ቦታ ስንት ጊዜ ሊያነብ ይችላል?

ለ. በዩኒኮድ ሀ 4608 ከሆነና ከሀ እስከ መ ለእያንዳንዱ የፊደል ቤት 8 ቦታ ከተመደበ መ ስንት ቁጥር ይሆናል?

ሐ. በአካባቢዎ ካለ የትምህርት ቤት ላብራቶሪ የአንድ ኮምፒዩተርን መረጃ ሰብስበው ከላይ ባሉት ሦስት ጥያቄዎች ይመዝኑት። ውሳኔዎንና ምክንያትዎን በአንድ ገጽ ይጻፉ።

መልስ፦ ሀ. 76 ጊዜ ያህል፤ ለ. 4632፣ በሀ፣ ለ፣ ሐ፣ መ ቅደም ተከተል።